የጎደሉት አሥራ ስድስት ገጾች

ቂርቆስ፣ ኅዳር 9 ቀን 2018 ዓ.ም.

በአገር ውስጥም ሆነ ከአገር ውጭ ለምትገኙ ዘመዶቻችንና ወዳጆቻችን በሙሉ፦

ባለፈው ዓመት ከካዛንቺስ ስንነሣ የገባበት ጠፍቶ የነበረው የሻይ ማንቆርቆሪያችን ክዳን ከትናንት በስቲያ ከቀኑ በስምንት ሰዓት በሰላም ተገኝቷል። የተገኘው በባለቤቴ በየሺሃረግ የቤተ ክርስቲያን ጫማ ውስጥ ነው። እንዴት እዚያ ሊገባ እንደቻለ ምርመራው ቀጥሏል፤ ተጠርጣሪዋ ግን ቃሌን አልሰጥም ብላለች። በፍለጋው ለተባበራችሁን ሁሉ ምስጋናችን ከፍ ያለ ነው።

ልጄ ማዕዛ፣ ከዚህ የሚበልጥ ዜና ስለሌለኝ ነው። እንደምን ከርመሻል? ጎሬ ዝናቡ አባራ ወይስ አሁንም ጃንጥላ ይዘሽ ነው የምታስተምሪው? እኛ ደህና ነን።

ስልክ ለምን አያነሡም ላልሽኝ፣ አነሣለሁ፤ አልሰማም እንጂ። አርባ ዓመት ከማተሚያ መኪና ጎን የቆመ ጆሮ ጡረታ የሚወጣው ከባለቤቱ ቀድሞ ነው። ለአያትሽ በስልክ የምትነግሪያት ደግሞ እኔ ጋ ሲደርስ ሌላ ወሬ ሆኖ ነው። ባለፈው “ማዕዛ መጽሐፍ ልታሳትም ነው” ያልሻትን “ማዕዛ ልታገባ ነው” ብላ ነግራኝ አንድ ቀን ሙሉ ሙሽራውን ሳማ ውያለሁ። ስለዚህ በደብዳቤ ይሁን። የጎሬው አውቶቡስ ሾፌር ታማኝ ሰው ነው፤ ያደርስልናል።

የጠየቅሽኝ የድሮው የሥነ ፈለክ መጽሐፍሽ አለ። ሳጥን ውስጥ ነው። ሳጥኑ አልጋ ሥር ነው። አልጋው ላይ የሺሃረግ አለች፤ የሺሃረግ ደግሞ ጉልበቷን ስላመማት አትነሣም። ማን ጻፈው፣ መቼ ታተመ ላልሽኝ፣ ሽፋኑን ካላየሁ አላስታውስም።

የአንቺን መጽሐፍ ወሬ ለሰፈሩ ሁሉ አዳርሻለሁ። አዲሱ ሰፈር ብዙም ስለማያውቀኝ የነገርኩት ቡልጋሪያ ሰፈር መውረጃ ላይ ጋራዥ ላሉት ሰዎች ነው። አንዱ ከመኪና ሥር ሆኖ “ስለ ምንድን ነው የምትጽፈው?” አለኝ። “ስለ ከዋክብት” አልኩት። ብቅ ብሎ “የእኔን ኮከብ ታይልኛለች?” አለ። እስከ ጡረታሽ የምትሰሚው ጥያቄ ይኸው ነውና ከአሁኑ መልስ አዘጋጂለት።

አያትሽ ወልደአማኑኤል


ጎሬ፣ ኅዳር 21 ቀን 2018 ዓ.ም.

ውድ አባባ፣

እንዴት ነዎት? እማማስ ጉልበቷ እንዴት ነው? በሾፌሩ በኩል ቅባት ልኬያለሁ፤ ጠዋትና ማታ ይቀባ፤ እርስዎ እንዳይቀቡት፣ የእሷ ነው። ለክዳኑ መገኘት እንኳን ደስ አላችሁ።

አባባ፣ ደብዳቤዎን ለመምህራን ሁሉ አንብቤላቸው ስቀናል። ግን የጠየቅኩትን አልመለሱልኝም። ምናልባት እኔ በደንብ አልገለጽኩት ይሆናል፤ ከመጀመሪያው ልንገርዎት።

መጽሐፌን የገመገሙት ሰው ምዕራፍ አራትን በቀይ አስምረው “ምንጭ ይጠቀስ” ብለው መልሰውልኛል። ምዕራፍ አራት ስለ ጨረቃ፣ ስለ ሕዋ ተጓዦችና ስለ ጅራታም ኮከቦች ነው። አብዛኛውን የወሰድኩት በዘጠኝ ዓመቴ ከሰጡኝ መጽሐፍ ነው፤ ከገጽ 81 እስከ ገጽ 96። ኮሌጅ ስገባ እነዚያን ገጾች በደብተሬ ስለገለበጥኳቸው ጽሑፉ አለኝ። የሌለኝ ሽፋኑ ነው፦ የደራሲው ስም፣ ማተሚያ ቤቱ፣ ዓመተ ምሕረቱ። እስከ ገና ድረስ ካላቀረብኩ ምዕራፉ ከመጽሐፉ ይወጣል። ከገና ማግስት ለገሃር አጠገብ ያለው ማተሚያ ቤት ሥራ ይጀምራል። መጽሐፉ በዞኑ ላሉ አርባ ትምህርት ቤቶች ነው የሚሰጠው። በእኛ ትምህርት ቤት ቤተ መጻሕፍት ስለ ሰማይ የተጻፈ አንድም የአማርኛ መጽሐፍ የለም። ልጆቹ የሚያነቡት የመጀመሪያው የእኔ ይሆናል ማለት ነው። ስለዚህ ስህተት ሊኖርበት አይገባም።

መቅድሙም የቆመው በዚሁ ምዕራፍ ላይ ነው። ገጽ 88ን ያስታውሱታል? “የጥንት ኮከብ ተመልካቾች አንድ ሕግ ነበራቸው፤ በሰማይ ላይ አዲስ ነገር ያየ ሰው ለማንም ሳይናገር ሦስት ሌሊት ብቻውን ይመለከተዋል።” የትምህርት ቤታችን የኮከብ ክበብ ሕግ ያደረግኩት እሱን ነው። ባለፈው ጥቅምት ደራርቱ የምትባል ተማሪዬ ጭጋግ የመሰለ ኮከብ አየች። ሕጉን አክብራ ሦስት ሌሊት ዝም አለች። በአራተኛው ቀን ነገረችኝ። በዚያው ቀን ማታ ደመና ገባ፤ ሲገለጥ ብንፈልገው ብንፈልገው አላገኘነውም። ምን እንደነበር አናውቅም። መጽሐፌ የሚጀምረው በእሷ ትዕግሥት ነው።

እባክዎ እማማን ለአምስት ደቂቃ ብቻ ከአልጋው ያስነሡልኝ።

ልጅዎ ማዕዛ


ቂርቆስ፣ ታኅሣሥ 2 ቀን 2018 ዓ.ም.

ልጄ ማዕዛ፣

ሳጥኑ ተከፍቷል። የሺሃረግን “ተነሺ” ብላት “ለመጽሐፍ ከሆነ አልነሣም፣ ለምሳ ከሆነ እነሣለሁ” አለች። ምሳ ሠራሁ። ምን ዓይነት ምሳ ነበር ብለሽ አትጠይቂ። ቅባቱ ደርሶናል፤ ትንሽ ቀምሼዋለሁ፣ በትከሻዬ ማለቴ ነው።

ሽፋኑን አይቼዋለሁ፤ የደራሲውም ስም፣ ዓመተ ምሕረቱም አለ። ግን ለገምጋሚሽ ልልክልሽ አልችልም። ለምን እንደሆነ ተቀምጠሽ አንብቢ።

1996 ዓ.ም. ላይ፣ አንቺ ዘጠኝ ዓመት ሲሆንሽ፣ ካዛንቺስ ከሙሐሲን ሱቅ ግማሽ ኪሎ ስኳር ገዛሁ። ቤት ገብቼ ስፈታው ስኳሩ የተጠቀለለው በጁፒተር ነው። ትልቅ ሥዕል፣ ዙሪያውን የአማርኛ ጽሑፍ። ስኳሩን ሰሃን ላይ ገልብጬ ወደ ሱቁ ተመለስኩ።

“ሙሐሲን፣ መጽሐፉ የታለ?”

“የምን መጽሐፍ ጋሽ ወልዴ?”

“ስኳሬን የጠቀለልክበት።”

“ኧረ እሱ ወረቀት ነው! በኪሎ ነው የገዛሁት።”

“የቀረውን ስጠኝ።”

“ነገ በምን ልጠቅልል ታዲያ?”

በማግሥቱ ከማተሚያ ቤታችን የተበላሹ የሠርግ ጥሪ ካርዶች በካርቶን አመጣሁለት። ለብዙ ወራት የካዛንቺስ ሰው በርበሬና ስኳሩን በማያውቃቸው ሙሽሮች ጠቅልሎ ይዞ ይገባ ነበር። አንዷማ የቀድሞ እጮኛዋን ስም ምስር ተጠቅልሎበት አግኝታ ሱቁ ድረስ መጥታ አልቅሳለች።

መጽሐፉ ግን ሙሉ አልነበረም። ስፌቱ የላላው መሐሉ ላይ ስለነበር ሙሐሲን ሲገነጥል የነበረው ከዚያ ነው። ጁፒተርን ቦታው መለስኩት። ከ81 እስከ 96 ያለው፣ አንድ እጥፍ፣ አሥራ ስድስት ገጽ፣ የካዛንቺስን ጨው ተሸክሞ ሄዷል። ለዘጠኝ ዓመት ልጅ መሐሉ የተቦረቦረ ሰማይ መስጠት ደስ አላለኝም። እኔ ደግሞ ፊደል ለቃሚ ነበርኩ፤ የእርሳስ ፊደል አንድ በአንድ እየለቀምኩ መስመር መደርደር ሥራዬ ነበር። በምሳ ሰዓት ሁለት ሁለት ገጽ እየለቀምኩ፣ አንድ አንድ ቅጂ እያተምኩ፣ ፊደሉን ወደ ሳጥኑ እየመለስኩ ሁለት ወር ፈጀብኝ። ወረቀቱ በጣም ነጭ ስለነበር ሻይ አጠጥቼ አስረጀሁት። ራሴ ሰፍቼ፣ ራሴ ጠርዤ ሰጠሁሽ።

አንድ ጊዜ “አባባ፣ መጽሐፉ ሁሉ ጠፈር ጠፈር ይልና መሐሉ ላይ ለምን ሕዋ ይላል?” ብለሽ ጠይቀሽኝ “ደራሲው ሰልችቶት ነው” አልኩሽ። የደረስሽብኝ መስሎኝ እንዴት እንደደነገጥኩ! ሠርግ በሚታተምበት የፊደል ሳጥን ውስጥ ያለችው “ጠ” ጥቂት ናት። ጨረስኳት።

ጽሑፉን ከየት አመጣኸው ብትዪ፣ ከመምህር አርአያ ነው። ፊዚክስ የሚያስተምረውን ጎረቤታችንን ታስታውሺዋለሽ። እሱ እያወራልኝ እኔ እጽፍ ነበር፤ ጨርሼ ሳነብለትም “ትክክል ነው” ብሏል። ካሰማሁት በኋላ ግን አንድ ነገር ከራሴ ጨምሬያለሁ። አንድ ብቻ። የቱ እንደሆነ አሁን አልነግርሽም፤ አንቺ መምህርት ነሽ፣ እኔ ጡረተኛ ነኝ፣ ፈልጊው።

ሃያ ሁለት ዓመት ዝም ማለቴ ጥፋት ነው። ይቅርታ አድርጊልኝ። መጀመሪያ ላይ ልትደሰቺ ነው ብዬ ነው፤ በኋላ ደግሞ በጣም ደስ ብሎሽ ስላየሁ ነው።

አያትሽ


ጎሬ፣ ታኅሣሥ 8 ቀን 2018 ዓ.ም.

አባባ፣

ደብዳቤዎን መናኸሪያው ቆሜ ሁለት ጊዜ አነበብኩት። ሾፌሩ “ደህና ናቸው?” ብሎ ጠየቀኝ፤ “ደህና ናቸው፣ እኔ ነኝ ደህና ያልሆንኩት” አልኩት።

አመሰግናለሁ ማለት እንዳለብኝ አውቃለሁ። ሁለት ወር ሙሉ ምሳዎን ትተው! ያንን ሌላ ጊዜ በሰላም እላለሁ። አሁን ግን ተናድጃለሁ። ኮሌጅ ፊዚክስ የመረጥኩት በእነዚያ ገጾች ነው። ተማሪዎቼን “ምንጩን ሳታረጋግጡ አትጻፉ” የምል እኔ ነኝ፤ የራሴ ምንጭ ደግሞ አያቴ በምሳ ሰዓት!

ፈልጊው ስላሉኝ ፈልጌያለሁ። ቅዳሜ መቱ ድረስ ወርጄ ኢንተርኔት ቤት ዋልኩ። የጨረቃ አፈር ባሩድ ባሩድ ይሸታል የሚለው መስሎኝ ነበር። እውነት ሆኖ ተገኘ፤ ረግጠዋት የተመለሱት ራሳቸው ተናግረዋል። በሕዋ እንባ ወደ ታች አይወርድም፣ ዓይን ላይ እንደ ኳስ ይጠራቀማል የሚለውስ? እሱም እውነት። ጅራታም ኮከብ ከፀሐይ ስትርቅ ጅራቷ ከፊቷ ይቀድማል የሚለውን እርስዎ ለማሳቅ የጨመሩት ነው ብዬ ነበር፤ እሱም ትክክል ነው። ምስኪን መምህር አርአያ፣ በልቤ ሳማቸው ዋልኩ።

የቀረው የሦስት ሌሊቱ ሕግ ነው፤ እሱን ግን አልቆጠርኩትም። እሱ ሰው ተቀምጦ የሚፈጥረው ዓይነት ነገር አይደለም። ያረጀ ነገር ድምፅ አለው። ደግሞም እሱን ከተጠራጠርኩ ክበቡም፣ መቅድሙም፣ ደራርቱም አብረው ነው የሚሄዱት።

እባክዎ ይንገሩኝ። ለገና ሦስት ሳምንት ነው የቀረው።

ማዕዛ


ቂርቆስ፣ ታኅሣሥ 12 ቀን 2018 ዓ.ም.

ልጄ፣

ከመመለሴ በፊት አንድ ነገር ልጠይቅሽ። ያቺ ደራርቱ ስንት ዓመቷ ነው? ኮከቡ ከጠፋ በኋላ ጓደኞቿ ምን አሏት? አሁንም ለክበቡ ትመጣለች?

ሾፌሩ ሲመለስ መልሱን ስጪው። መናኸሪያ ወርጄ እቀበለዋለሁ።

አያትሽ


ጎሬ፣ ታኅሣሥ 18 ቀን 2018 ዓ.ም.

ውድ አባባ፣

አራት መስመር ብቻ የሆነ፣ ቀልድ የሌለበት ደብዳቤ ከእርስዎ ደርሶኝ አያውቅም። እማማ ታማ እየደበቁኝ ነው ብዬ ደንግጬ ደወልኩ። እሷ ደህና ናት፤ “እሱ ነው ምግብ አልበላ ያለው” አለችኝ። ምን ሆኑ?

የጠየቁኝን ልመልስ። ደራርቱ አሥራ አራት ዓመቷ ነው፣ ስምንተኛ ክፍል ናት። ከክበቡ ሁሉ አጥርታ የምታይ እሷ ነበረች፤ ሌሎቹ አቅጣጫ ሳይለዩ እሷ ቆጥራ ጨርሳ ታዛጋ ነበር። ልጆቹ “ባለ ሦስት ሌሊት” የሚል ስም አውጥተውላታል። “ካየሽ ለምን ያኔ አላሳየሽንም? ደመና ሲመጣ ጠብቀሽ ነው” ይሏታል። ውሸታም ማለታቸው ነው። ከኅዳር ወዲህ ለክበቡ አትመጣም። ቤቷ ሄጄ አነጋግሬያታለሁ። “መጽሐፉ ውስጥ ስምሽ አለ፣ ሲወጣ ሁሉም ያምናል” አልኳት። ደስ ያላት አልመሰለኝም።

“ቲቸር፣ በመጀመሪያው ሌሊት ነግሬዎት ቢሆን ኖሮስ?” አለችኝ።

“ሕግ ነው ደራርቱ፤ አንቺ ሕጉን ነው ያከበርሽው” አልኳት።

“እሺ” ብላ ዕቃ ማጠቧን ቀጠለች።

አባባ፣ ለምንድን ነው ስለ እሷ የጠየቁኝ?

ማዕዛ


ቂርቆስ፣ ታኅሣሥ 24 ቀን 2018 ዓ.ም.

ልጄ ማዕዛ፣

ለምን እንደጠየቅኩሽ ሳታውቂው አትቀሪም። የጨመርኩት እሱን ነው። የሦስት ሌሊት ሕግ የሚባል ነገር የለም። የጥንት ኮከብ ተመልካቾችም እንዲህ ያለ ሕግ አልነበራቸውም፤ ቢኖራቸውም እኔ አላውቅም። መምህር አርአያ በሕይወቱ ሰምቶት አያውቅም። እንዲያውም አዲስ ነገር ያየ ሰው ሌላው ሳይቀድመው በዚያው ሌሊት ነው ለሌሎች የሚያስታውቀው፤ ሌላ ዓይን እንዲያይለት። ደራርቱ በመጀመሪያው ሌሊት ነግራሽ ቢሆን ኖሮ ሁለታችሁም ታዩት ነበር። ምን እንደነበር ዛሬ ታውቁ ነበር። ውሸታም የሚላትም አይኖርም ነበር።

እንዴት ጨመርከው ብትዪኝ፣ ገጽ 88 ላይ ሦስት መስመር ጎደለኝ። ገጽ ጎድሎ አይታተምም፤ ሥራውን የሚያውቅ ያውቀዋል። አርአያ አጠገቤ አልነበረም። ሦስት መስመር የሚሞላ ነገር አሰብኩና ለቀምኩ። ስለቅመው ደግሞ ቆንጆ መስሎኝ ነበር።

ትናንት በለገሃር በኩል አድርጌ ማተሚያ ቤትሽ ሄጄ ነበር። ኮምፒውተሩ ላይ ያገኘሁት ኢዘዲን የሚባል ጎልማሳ ነው፤ ጨዋ ሰው ነው፣ ወንበር ሰጠኝ፣ ለጆሮዬም ጮክ ብሎ አናገረኝ።

“አባት፣ ምን ልታዘዝ?”

“የማዕዛን መጽሐፍ አቁሙልኝ።”

“እርስዎ ማን ነዎት?”

“የምዕራፍ አራት ደራሲ።”

“አባት፣ ደራሲዋ እኮ ሴት ናቸው!”

“እሷ ገልባጯ ናት” አልኩት።

መሳቁን ሲጨርስ ነገሩን በሙሉ ነገርኩት። ከዚያ በኋላ አልሳቀም። “በቃ፣ እስከ ጥር አምስት ሌላ ሥራ አስቀድማለሁ፤ ከዚያ በኋላ ግን ደራሲዋ ራሳቸው ካልደወሉ አትማለሁ” አለኝ። ስልኩን ከደብዳቤው ጀርባ ጽፌልሻለሁ። ስለዚህ አሥራ አንድ ቀን አለሽ። ምዕራፉን በእጅሽ ባረጋገጥሻቸው ምንጮች ልትሞዪው ትችያለሽ፤ መቱ ወርደሽ ያገኘሻቸው አሉ፤ እኔ የሰጠሁሽን መጽሐፍ ሽፋን ግን አትጥቀሺ፤ ያ ደራሲ እነዚያን ገጾች አልጻፈም፣ በሰውየው ስም መዋሸት ይሆናል። መቅድሙን ምን እንደምታደርጊው አልነግርሽም። ብትሰርዢው ትክክል ነሽ። ሕጉን ትተሽው ፈጣሪውን በስሙ ብትጠሪውም ትክክል ነሽ፤ ወልደአማኑኤል፣ ጡረታ የወጣ ፊደል ለቃሚ፣ ቀድሞ ካዛንቺስ፣ አሁን ቡልጋሪያ።

ደራርቱ ግን መጽሐፉን መጠበቅ የለባትም። ይህ ደብዳቤ በደረሰሽ ማግሥት ክፍል ውስጥ፣ ያን ስም ያወጡላት ልጆች ባሉበት፣ ጮክ ብለሽ ንገሪልኝ። ሕጉን የፈጠረው የእናንተ መምህር አያት ነው በያቸው። ውሸታሙ እሱ ነው፣ እሷ አይደለችም። ለእሷ ለብቻዋ ደግሞ እንዲህ በይልኝ፦ ያየሽው ምን እንደነበር አላውቅም፤ እንዳየሽ ግን አምናለሁ፤ ብቻውን ያየውን ነገር ሦስት ሌሊት በሆዱ ይዞ የሚቆይ ሰው የሌለ ነገር አያወራም። ከእንግዲህ ግን ያየሽ ዕለት ተናገሪ። እንቅልፍ ላይ ቢሆኑም ቀስቅሺያቸው።

ለየሺሃረግ ሁሉንም ነግሬያታለሁ። “ሃምሳ ስድስት ዓመት አብረን ስንኖር እኔ ላይ ስንት ነገር ጨምረህብኛል?” አለችኝ። “ቁጭ ብለሽ ገጽሽን ቁጠሪ” አልኳት። ምሳ ዛሬ በልቻለሁ፤ እንዳትደውዪ።

ተቆጪኝ። ይገባኛል። ቁጣሽን ግን በደብዳቤ አድርጊው፤ በስልክ ካደረግሽው አያትሽ አለዝባ ነው የምታደርስልኝ፤ እኔ ደግሞ እንዳለ እንዲደርሰኝ እፈልጋለሁ።

ኤንቬሎፑን ለመለጠፍ ምላሴን አውጥቼ ነበር፤ መለስኩት። አንድ ነገር ቀረ።

ያኔ አንቺ ያየሽውን ሁሉ ለግቢው ታዳርሺ ነበር። ጥርስሽ ሲወልቅ፣ ድመቷ ስትወልድ፣ ጨረቃ በቀን ስትወጣ። እኔ ከሥራ ስገባ ጎረቤቱ ሁሉ ሰምቶ ጨርሷል፤ አንቺም ማውራት ደክሞሽ ተኝተሻል። ወሬሽ የሚደርሰኝ ከየሺሃረግ ነበር፤ እሷ እንዴት እንደምታደርሰው ታውቂያለሽ። መጽሐፉን በሰጠሁሽ በሳምንቱ ቅዳሜ በር ላይ ጠበቅሽኝ። ቀኑን ሙሉ ለማንም ምንም አልተናገርሽም። ጎንበስ አደረግሽኝና “አባባ፣ ሕጉ ሦስት ሌሊት ይላል፤ ለእርስዎ ግን ልንገርዎት?” አልሽኝ። ንገሪኝ አልኩሽ።

ገጽ 88 ሦስት መስመር አልጎደለውም ነበር። ሙሉ ነበር። የአርአያን ሦስት መስመር አውጥቼ ነው ሕጉን የከተትኩት።

አያትሽ ወልደአማኑኤል